ከመጨረሻው ፊደል የሚጀምረው ሰው

አዲስ አበባ፣ መርካቶ ሰባተኛ
መስከረም 18 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለተከበሩ ጋሼ ሙናዊር፣

አያውቁኝም። ስሜ ኤልሳቤት ነው፤ የዘመንፈስ ቅዱስ ልጅ ነኝ። ይህ ወረቀት እጅዎ ሲገባ እርስዎም ቤተሰብዎም በሙሉ ጤና እንዲሆኑ ምኞቴ ነው። አባቴ «ጤና ሳይጠይቅ ወደ ነገር የሚገባ ደብዳቤ፣ ጫማውን ሳያወልቅ አልጋ ላይ እንደሚወጣ ሰው ነው» ይል ስለነበር ነው ቀድሜ መጠየቄ። እኛ ደህና ነን። እናቴ እታለምም ደህና ናት፤ ሰላም በይልኝ ብላለች።

ሥራዬ ግራፊክ ዲዛይን ነው። ሰባተኛ አንድ የባነርና የስቲከር ማተሚያ ቤት ተቀጥሬ ቀኑን ሙሉ ኮምፒዩተር ላይ እውላለሁ። በተረፈኝ ጊዜ ፊልም እሠራለሁ። አሁን የያዝኩት ስለ መርካቶ የእጅ ጽሑፍ ታፔላዎች ነው፤ ማን ጻፋቸው፣ እንዴት ተጻፉ የሚለውን እየዘገብኩ ነው። ዋናው ግን የአባቴ ሥራ ነው። አባቴ ካረፈ አራት ዓመት ሊሞላው ነው። ከታች በቀኝ ጠርዝ «ዘመን» የሚል ፊርማ ያለበትን ታፔላ ሁሉ እየዞርኩ እቀርጻለሁ። እስካሁን ሠላሳ አንድ አግኝቻለሁ። ፊልሙን «የአባቴ እጅ» ብዬዋለሁ።

እርስዎ ጋ የመራኝ ኸይረዲን ነው፤ ይህን ደብዳቤ ያመጣልዎት ሹፌር። ለተሳቢው ስቲከር ሊያሠራ መጥቶ ስክሪኔ ላይ የአባቴን ታፔላ አየና «ይሄን ጽሑፍ ጅቡቲ አውቀዋለሁ» አለኝ። ሳቅኩበት። ስልኩን አውጥቶ አሳየኝ። የሐበሻ ሹፌሮች የሚበሉበት ምግብ ቤት መስኮት ላይ «ምሳ ደርሷል» ይላል። ጋሼ፣ የ«ም» ወገብ፣ የ«ሳ» ረጅም እግር! አባቴ ከተኛበት ተነስቶ የጻፈው መሰለኝ። «ማነው የጻፈው?» ስለው «ሙናዊር የሚባል ትልቅ ሰው ነው፣ የመርካቶ ልጅ ነኝ ይላል» አለኝ።

ማታ ለእናቴ ነገርኳት። ሽንኩርት እየከተፈች ነበር። ቢላዋውን አስቀመጠችና «የአባትሽ የአክስቱ ልጅ ነው» አለችኝ። ሌላ አልጨመረችም።

አንድ ላይ እንደሠራችሁ ገመትኩ። እባክዎ አባቴ እንዴት ይጽፍ እንደነበር ይንገሩኝ። ስልክ አይወዱም ስለተባልኩ ነው በወረቀት የመጣሁት።

አክባሪዎ፣
ኤልሳቤት ዘመንፈስ ቅዱስ


ጅቡቲ፣ ፒኬ 12
ኅዳር 3 ቀን 2017

ለልጄ ለኤልሳቤት፣

የአላህ ሰላም በአንቺና በእናትሽ ላይ ይሁን። እኔ፣ ባለቤቴ ፋኢዛና ሦስቱ ልጆቼ አልሃምዱሊላህ ደህና ነን፤ ከሙቀቱ በቀር የሚያስከፋን የለም።

ደብዳቤሽን ከተቀበልኩ ወር አልፎኛል። መልሱ ለምን እንደዘገየ ልንገርሽ። አባትሽ መሞቱን የነገርሽኝ አንቺ ነሽ። አንቺ የማውቅ መስሎሽ በወሬ መሐል ጣል አድርገሽው አለፍሽ፤ እኔም አልፌው እስከ ፊርማሽ ድረስ አነበብኩ። ከዚያ ተመልሼ ያንኑ አረፍተ ነገር አነበብኩት። አራት ዓመት! አራት ዓመት ሙሉ በሕይወት ያለ ሰው ነበር በልቤ ይዤ የኖርኩት። ነፍሱን በጀነት ያኑርልኝ። አጥፍተሻል አልልሽም፤ ከማን ልሰማው ነበር?

ስለ ሥራው ጠየቅሽኝ። ላሜራው መጀመሪያ በአሸዋ ወረቀት ይፈገፈጋል። መደብ ቀለም ይቀባል፤ ሁለት ቀን ይደርቃል። ክር በጠመኔ ዱቄት ይታሽና ከዳር እስከ ዳር ተወጥሮ ይለቀቃል፤ መስመሩን ጥሎ ይነሳል። ፊደሉ በእርሳስ አይነደፍም፤ በዓይን ይለካል። ወፍራሙ እግር የብሩሹ ሙሉ ወርድ ነው፤ ቀጭኑ የጠርዙ። አንዱ ፊደል ከነጥላው ሳያልቅ ሌላው አይጀመርም። ጥላው ሁልጊዜ ወደ ታችና ወደ ቀኝ ይወድቃል። ይኸው ነው።

አንድ ነገር ልጠይቅሽ። እህል በረንዳ፣ የጀማለዲን እህል መጋዘን በር ላይ አንድ ትልቅ ታፔላ ነበር፤ አረንጓዴ መደብ፣ ቢጫ ፊደል። አለ ወይ? ቀለሙስ ይዟል?

ለእናትሽ ሰላምታዬን አድርሺልኝ።

ሙናዊር


አዲስ አበባ
ኅዳር 27 ቀን 2017

ለተከበሩ ጋሼ ሙናዊር፣

እግዚአብሔር ያጽናዎት። መርዶ እንደዚያ አይነገርም፤ በማለዳ፣ ሰው ተሰብስቦ፣ ውኃ ተይዞ ነው። እኔ ግን ነጠላ ሰረዝ ሳላስቀድም ነገርኩዎት። ይቅር ይበሉኝ።

ታፔላው አለ! የጀማለዲን የልጅ ልጅ ነው አሁን መጋዘኑን የያዘው። ከጤፍ ብናኝ የተነሳ ፊደሉ አይታይም ነበር። «ልጠበው?» ስለው «ከቻልሽ ጎማዬንም እጠቢልኝ» ብሎ ሳቀብኝ። መሰላል አስመጥቼ በእርጥብ ጨርቅ ጠረግኩት። ከስሩ ቢጫው ብቅ ሲል የኩንታል ተሸካሚዎቹ ሸክማቸውን ይዘው ቆመው አዩ። አንዱ «እዚህ ስሠራ አስራ አምስት ዓመቴ ነው፣ ጽሑፍ መኖሩን አላውቅም ነበር» አለኝ። ቀለሙ ይዟል ጋሼ። ጠርዙ ላይ ብቻ ዝጓል።

እኔም ብሩሽ ገዝቼ ሞከርኩ። ኮምፒዩተር ላይ በአንድ ጠቅታ የሚመጣው «ጀ» በብሩሽ ሦስት ሰዓት ፈጀብኝ፤ አንካሳ ሆኖ ወጣ። ለአባቴ ያለኝ አክብሮት በእጥፍ ጨመረ።

አንድ ነገር ልበል? የጻፉልኝ ሁሉ ለፊልሙ ወርቅ ነው፤ ግን «ይፈገፈጋል፣ ይቀባል፣ ይለካል» ነው የሚለው። የሚፈገፍገው፣ የሚቀባው፣ የሚለካው ሰው የለበትም። አባቴን ያሳዩኝ። ሲጽፍ ምን ያደርግ ነበር? ያፏጭ ነበር? ይናደድ ነበር?

እናቴ ሰላም ብላዎታለች።

ኤልሳቤት


ጅቡቲ፣ ፒኬ 12
ጥር 1 ቀን 2017

ለልጄ ለኤልሳቤት፣

ሰላምና ጤና ከበረከት ጋር ይብዛልሽ። ኸይረዲን ከገና በኋላ ካልሆነ አልመጣም ብሎ ስለቀረ ዘገየሁ።

ስለኔ አልጠየቅሽም፤ ግን ልንገርሽ። እዚህ የውኃ ቦቴ ላይ ቁጥር እጽፋለሁ፣ ጀልባ ላይ ስም እጽፋለሁ። በፈረንሳይኛና በዓረብኛ ነው። ዓረብኛው ለእጄ ስለሚመች ቶሎ ለመድኩት። ልጆቼ አማርኛ ስናገር ይሰሙኛል፤ ፊደሉን ግን አያውቁትም። ሠላሳ ሦስት ዓመት ሙሉ የጻፍኩት የአማርኛ ጽሑፍ ያ የመስኮቱ ብቻ ነው። የምግብ ቤቱ ባለቤት የለመነኝ ዓመት ሙሉ ነው። ከጻፍኩት ወዲህ ግን በየቀኑ ምሳዬን እዚያ ነው የምበላው፤ ፋኢዛ «ቤት ያለው ምግብ ምን ሆነ?» ትለኛለች። ምግቡ አይደለም።

የታፔላውን ፎቶ በትልቁ አሳትመሽ ላኪልኝ። በስልክ አይደለም፣ በወረቀት።

ስለ አባትሽ ጠየቅሽኝ። አባትሽ ደግ ሰው ነበር። ከሰው ጋር ማውራት ያውቅበት ነበር። ያፏጫል ወይ ላልሽው፣ አዎ፣ ያፏጭ ነበር።

ሙናዊር


አዲስ አበባ
ጥር 29 ቀን 2017

ለተከበሩ ጋሼ ሙናዊር፣

እንደምን ሰነበቱ? የልጆችዎ ጤና፣ የእትዬ ፋኢዛ ጤና እንዴት ነው? ፎቶውን ከዚህ ደብዳቤ ጋር ጠቅልዬ ልኬአለሁ። እንዳይታጠፍ ለኸይረዲን አደራ ብዬዋለሁ።

ጋሼ፣ ፎቶውን ያነሳሁት በጣም አቅርቦ በሚያሳይ ሌንስ ነው። እንዲያ ሳየው ያላሰብኩት ነገር ታየኝ። አንዱ ፊደል ከነጥላው ሳያልቅ ሌላው አይጀመርም ብለውኛል። እንግዲያው ከግራ ወደ ቀኝ የሚጽፍ ሰው «ጀ»ን ከነጥላው ጨርሶ «ማ»ን ሲጽፍ፣ «ማ» የ«ጀ»ን ጥላ መሸፈን ነበረበት። የሆነው ግን ተቃራኒው ነው። የ«ጀ» ጥላ «ማ» ላይ ወድቋል። «ማ» ደግሞ «ለ» ላይ። ጽሑፉ ከመጨረሻው ፊደል ተጀምሮ ወደ ፊት ነው የመጣው። የብሩሹም ጭረት ቀለም የጠገበው በቀኝ በኩል ነው፤ ወደ ግራ ሲሄድ ይደርቃል።

ሠላሳ አንዱንም ደግሜ አየኋቸው። ባለቤቶቹ እንደነገሩኝ እስከ 1984 የተጻፉት ሃያ ስድስቱ ሁሉም እንዲህ ናቸው። ከዚያ ወዲህ ያሉት አምስቱ በእጅ አልተጻፉም፤ ፊደሉ ላሜራ ላይ ተቆርጦ ቀለም የተረጨባቸው ናቸው። አባቴ ከዘመኑ ጋር የተራመደ መስሎኝ ነበር።

አባቴ በቀኙ ነበር የሚበላው፣ በቀኙ ነበር የሚፈርመው። እርስዎ ደግሞ ከቀኝ የሚጀመረው ዓረብኛ ለእጅዎ እንደሚመች ጽፈውልኛል።

ብሩሽ በየትኛው እጅዎ ነው የሚይዙት?

ኤልሳቤት


አዲስ አበባ
መጋቢት 30 ቀን 2017

ለተከበሩ ጋሼ ሙናዊር፣

ሁለት ወር ሆነ። ኸይረዲን ሦስት ጊዜ ደርሶ ተመለሰ፤ ባዶ እጁን ነው። ደብዳቤዬን ቆመው አንብበው፣ ፎቶውን ብቻ ይዘው እንደገቡ ነግሮኛል። ታመው እንዳይሆን ብዬ ሰጋሁ። ሰድቤዎት ከሆነም ይንገሩኝ።

አንድ ነገር ልናዘዝ። በፊተኞቹ ደብዳቤዎቼ «እናቴ ሰላም ብላለች» ያልኩት ውሸት ነው። አላለችም። ስምዎ ሲነሳ ክፍሉን ለቃ ነበር የምትወጣው። ባለፈው እሁድ ግን ፎቶዎቹን አልጋዋ ላይ ደርድሬ የ«ጀ»ን ጥላ አሳየኋት። ብዙ አየችው። «አትልፊ» አለችኝ። «የማንን እጅ እንጀራ እንደበላሁ አውቃለሁ።» ነጠላዋን አንስታ ተክለ ሃይማኖት ሄደች።

ዛሬ ጠዋት ግን ስወጣ በር ላይ ጠራችኝ። «ለሙናዊር ስትጽፊ፣ ጤናው እንዴት ነው በይው» አለችኝ። ይህኛው እውነተኛ ነው።

መልስ ባይጽፉልኝም አልቀየምም። ካሜራዬን ግን ከዚያ እሁድ ወዲህ አላነሳሁትም።

ኤልሳቤት


ጅቡቲ፣ ፒኬ 12
ሚያዝያ 24 ቀን 2017

ልጄ ኤልሳቤት፣

ሰላምታዬ ቢያጥር አትቀየሚኝ፤ ሐሳቤን ሳልቀይር ልጻፈው ብዬ ነው።

በግራዬ ነው የምይዘው።

ቡታጅራ ተማሪ ሳለሁ መምህሩ ጣቶቼን በማስመሪያ መትቶ መትቶ ሰለቸውና ተወኝ። መርካቶ ስመጣ አባትሽ ጠባብ ሱቅ ተከራይቶ «ዘመን ማስታወቂያ» ብሎ ከፍቶ ነበር። የሱ አፍ ሥራ ያመጣል፣ የኔ እጅ ይሠራል። አብረን ጀመርን። የመጀመሪያው ሥራችን የአንድ ጨርቅ ነጋዴ ታፔላ ነበር። እርጥቡን ቀለም እጄ እንዳይጠርገው ከስሙ መጨረሻ ነበር የምጀምረው። ሰውየው ከታች ቆሞ ያየኛል።

«ምንድን ነው የምትሠራው?» አለኝ።

«ስምዎን እየጻፍኩ ነው።»

«ስሜን ከጭራው? ያውም በግራ እጅ? ገበያዬን ወደ ኋላ ልትመልሰው ነው! ውረድ! ውረድልኝ ከዚያ!»

አባትሽ ከመሐል ገባ። «ተለማማጅ ነው ጋሼ፣ ይተዉት፣ እኔ እጨርሰዋለሁ» ብሎ ወጣ። ጨረሰውም፤ እንዴት እንደጨረሰው አልነግርሽም። እሁድ ጠዋት ሱቁ ዝግ ሲሆን ሄጄ አስተካከልኩት። ሰኞ ነጋዴው «ይኸው፣ የቀኝ እጅ ሥራ!» ብሎ ለጎረቤቱ አሳየ። ከዚያ ቀን ጀምሮ መሰላል ላይ የሚታየው እሱ፣ በተዘጋ በር የምጽፈው እኔ ሆንኩ። «ዘመን» የሚለውንም ፊርማ የምጽፈው እኔ ነበርኩ። አስገድዶኝ እንዳይመስልሽ። ተስማምቼ ነው። ስድስት ዓመት ከአንድ ሳህን በልተናል። እሱ ሲጾም ሥጋ አላስገባም፤ በረመዳን እሱ ከኔ በፊት እህል አይቀምስም ነበር።

በ1984 ግንቦት የጀማለዲንን ታፔላ ጨረስን። መርካቶ ያን የሚያህል አልነበራትም። ከአንድ መጽሔት ጋዜጠኛ መጣ። አባትሽን ብሩሽ አስይዞ ፎቶ አነሳው። ከዚያ ካሜራውን ወደኔ አዞረና «ይሄስ ማነው?» አለው። አባትሽ ዝም አለ። ትንሽ ቆየ። ከዚያ «ቀለም የሚበጠብጥልኝ ዘመዴ ነው» አለ። ካሜራው ከኔ ላይ ተነሳ።

እኔ «አርቲስቱ እሱ ነው» እንዲል አልጠበቅኩም። «ሙናዊር ነው» ቢል ይበቃኝ ነበር።

ሐሙስ ዕለት ብሩሾቹን አጥቤ፣ በየመጠናቸው ደርድሬ፣ የድሬዳዋ አውቶቡስ ተሳፈርኩ። ፈልጎ ይመጣል ብዬ ድሬዳዋ አርባ ቀን ተቀመጥኩ። የመጣ የለም። ተሻገርኩ።

የፊልምሽን ስም አትቀይሪው። ያለ አባት ቀርተሽ ሳለ የአባትሽንም እጅ ልነጥቅሽ አልፈልግም። የሞተ ሰው ራሱን አይከላከልም። ፎቶውን ግን አልመልስልሽም፤ ከአልጋዬ ትይዩ ሰቅዬዋለሁ።

እናትሽን፣ ጤናዬ ደህና ነው በያት።

ሙናዊር


አዲስ አበባ
ግንቦት 14 ቀን 2017

ለተከበሩ ጋሼ ሙናዊር፣

አምላክ ዕድሜዎን ያርዝመው። እውነቱን ስለነገሩኝ አመሰግናለሁ፤ ምስጋናው ግን ወዲያው አልመጣም። መጀመሪያ የመጣው ንዴት ነው። አባቴን ሞቶም ተቆጣሁት። የሱን ፎቶ ከግድግዳ አውርጄ ቁም ሳጥን ውስጥ ከተትኩት። በሦስተኛው ቀን መልሼ ሰቀልኩት፤ ቦታው ባዶ ሲሆን ማየት አልቻልኩም።

በመጨረሻው ዓመቱ አንድ ቀን ብሩሽ ይዤለት ሄጄ ነበር። «ና ጻፍልኝ፣ ልቅረጽህ» አልኩት። «ተይኝ ልጄ፣ እኔ አልችልበትም» አለኝ። ትሕትና መስሎኝ እየሳቅኩ ለመንኩት። አሁን ያንን ቪዲዮ ደግሜ አየሁት። አይስቅም ነበር ጋሼ። እጁን ብርድ ልብሱ ስር ደብቆ ነበር።

እናቴ ደብዳቤዎን አንብቢልኝ አለችኝ። «ቀለም የሚበጠብጥልኝ» የሚለው ጋ ስደርስ «በቃ» አለች። ቀሪውን አልሰማችም። ማድጋውን ሞላች፣ ጓዳውን ጠረገች፣ የተጠረገውን ደግማ ጠረገች። ከዚያ መጥታ አጠገቤ ቆመች።

«ፓስፖርት ለማውጣት ስንት ቀን ይፈጃል?»

«ለማን?»

«ለኔ ነዋ! አንቺማ አለሽ።»

«የት ልትሄጂ ነው?»

«ሙናዊር ጋ። እሱ አይመጣም። እኛ ነን መሄድ ያለብን።»

እናቴ ከአዳማ አልፋ አታውቅም። ሙቀቱ ይጎዳሻል ብላት «ተዪው፣ ሠላሳ ሦስት ዓመት የቻለው ሰው አለ» አለችኝ። ስለዚህ ፈቃድዎ ከሆነ ሰኔ 6 በባቡር እንመጣለን። ቆጮና ቅቤ ከአሁኑ እያዘጋጀች ነው። እኔ ደግሞ ካሜራዬን ይዤ እመጣለሁ። የፊልሙን ስም ሰርዤዋለሁ። አዲሱን ገና አላገኘሁትም፤ ሲጽፉ ካየሁ በኋላ እንጂ አሁን ልሰይመው አልደፍርም።

ልጅዎ ልበል?
ኤልሳቤት


ጅቡቲ፣ ፒኬ 12
ሰኔ 26 ቀን 2017

ለልጄ ለኤልሳቤት፣

በሰላም መግባታችሁን ኸይረዲን በስልክ ነገረኝ፤ አልሃምዱሊላህ። እናንተ ከሄዳችሁ ቤቱ አልረጋ አለን። ፋኢዛ እስከ ዛሬ አምስት ሰው ሳይሆን ሰባት ሰው የሚበላ ትሠራለች። እሷና እናትሽ በአንድም ቋንቋ ሳይግባቡ ስምንት ቀን ሙሉ ጓዳ ውስጥ ምን ሲያወሩ እንደከረሙ አላህ ይወቅ። ትንሿ ልጄ «ሀ ሁ» የጻፍሽላትን ወረቀት ይዛ በየክፍሉ ትዞራለች።

እጄን በካሜራሽ ወስደሻል። በጠራራ ፀሐይ፣ ሹፌሮቹ ሁሉ ቆመው እያዩ፣ ከመጨረሻው ፊደል ጀምሬ ስጽፍ ቀርጸሽኛል። አንዱ «ሼባው ወደ ኋላ ነው እንዴ የሚጽፈው!» ሲል እኔም ሳቅኩ፤ አይተሻል። ስለዚያ አይደለም የምጽፍልሽ።

ወደብ ላይ ጀልባዎቹን ልትቀርጪ የሄድሽ ቀን፣ እናትሽና እኔ በረንዳው ላይ ብቻችንን ቀረን። እንዲህ አለችኝ።

«ሙናዊር፣ እሱን አትቀየመው። ያቺን ቃል ያናገርኩት እኔ ነኝ።»

«የቷን ቃል?»

«ጋዜጠኛው ከመምጣቱ በፊት ምሳ ላይ ‹ነገ እውነቱን እነግረዋለሁ፤ የሙናዊር ስም ይውጣ› አለኝ። ደስ ብሎት ነበር። እኔ ግን ደነገጥኩ። አራስ ነበርኩ። የቤት ኪራይ አለ። ግራኝ ነው የሚጽፈው ከተባለ ነጋዴው ሁሉ ይሸሸናል ብዬ አሰብኩ። ኤልሳቤትን እቅፉ ላይ አስቀመጥኳትና ‹በዚች ልጅ ማልልኝ› አልኩት። እንቢ አለ። አለቀስኩ። ማለ።»

ስለዚህ ነው ዝም ብሎ የቆየው። ያን ጊዜ ምን እንደሚል ጠፍቶት እንጂ ንቆኝ አልነበረም። ስሜን ብቻ ቢጠራ እንኳ ጋዜጠኛው «ምን ይሠራል?» ማለቱ አይቀርም ነበር። ልጄ፣ የተማለው በአንቺ ነው። እስኪሞት ያልተናገረውም ስለዚህ ነው፤ አንቺ ፊት ደግሞ ከማንም በላይ።

ይህም ብቻ አይደለም። ድሬዳዋ ሁለት ጊዜ ወርዶ ፈልጎኛል። ባቡር ጣቢያ ጠይቋል፣ መስጊድ በር ላይ ቆሟል፣ ቀለም ሻጮቹን ጠይቋል። መጀመሪያ የሄደው የሱቁን ብረት ሳጥን ሸጦ ነው። ቀኑን ስንቆጥረው እኔ በተሻገርኩ በአስረኛው ቀን ነበር የደረሰው። አስር ቀን ነው የተላለፍነው። ከዚያ ተመልሶ ፊደል መቁረጥ ጀመረ፤ በኔ አጻጻፍ ሊያስመስል ሞክሮ አያውቅም አለችኝ።

እናትሽ እግሬ ላይ ልትወድቅ ብላ ያዝኳት። ሻይ ቀዳሁላት። ግማሹን ሳህኑ ላይ አፈሰስኩት፤ ከሳህኑ ጠጣችው። «ለኤልሳቤት ልንገራት ወይ?» አልኳት። «አንተ ጻፍላት» አለችኝ፣ «እኔ ፊቷን እያየሁ አልችልም።» ስለዚህ ይህን ስታነቢ እሷ ጓዳ ውስጥ ናት፤ እያነበብሽ መሆኑን ታውቃለች። አታስጠብቂያት። ሄደሽ እቀፊያት።

በፊልምሽ አስገቢው አታስገቢው አልልሽም፤ እናትሽ «እሷ ታውቃለች» ብላለች።

እኔ ግን ከዚያ ቀን ወዲህ ሥራ አልሠራሁም። አንድ የጀልባ ባለቤት ሁለት ጊዜ መጥቶ ተመለሰ። ሠላሳ ሦስት ዓመት አንድ ሰው ላይ አኩርፌ ኖሬአለሁ። እዚህ አገር ያቆመኝ ሥራ አልነበረም፤ ሚስትና ልጅም ኋላ ነው የመጡት። ኩርፊያዬ ነው ያቆመኝ። አንድ ቀን ይመጣል፣ ሲመጣ እንዲህ እለዋለሁ እያልኩ የምለውን ስንት ጊዜ አሳምሬዋለሁ መሰለሽ! አሁን የምናደድበት ሰው የለም። ናፍቆቱ ብቻ ቀረ። ከዚያ በፊትም ናፍቆት ኖሯል፤ ስሙን ነው ያላወቅኩት።

ሐምሌ 12 ከዚህ ከናጋድ ጣቢያ በሚነሳው ባቡር ቲኬት ቆርጫለሁ። ፋኢዛ ልብሴን አጣጥፋ፣ ዘርግታ፣ እንደገና አጣጥፋለች። ለቡ ጣቢያ ተቀበዪኝ። ከዚያ ግን ወደ ቤት አንሂድ። መርካቶንም ቆይቼ አየዋለሁ፤ ታፔላውም የትም አይሄድም። መጀመሪያ ዘመን ወዳረፈበት ውሰጂኝ። ካሜራሽን ቤት ተዪልኝ። ቦታውን አሳይተሽኝ ከእናትሽ ጋር ትንሽ ራቅ ብላችሁ ቁሙ።

እኔና እሱ የምናወራው አለን።

ጋሼሽ፣
ሙናዊር